ሟቿ የማትናገርበት ፊልም

ለማኅበራችን የፊልም ምሽት «ሳፋየር» የተባለው የእንግሊዝ ፊልም ይታይ ብለን ሐሳብ ስናቀርብ መጀመሪያ የተነሳው ጥያቄ «ከእኛ ጋር ምን ያገናኘዋል?» የሚል ነበር። ጥያቄው አግባብ አለው። ፊልሙ በፈረንጅ አቆጣጠር በ1959 ለንደን ውስጥ የተሠራ ነው። ታሪኩ ስለ አንዲት የተገደለች ተማሪና ገዳይዋን ስለሚፈልጉ ሁለት ፖሊሶች ነው። በውስጡ አንድም ኢትዮጵያዊ የለም፤ እስራኤል የሚባል አገርም አይነሳበትም። ይሁን እንጂ ስለ እኛ ተብለው ከተሠሩት ከብዙዎቹ ይልቅ ይህ ፊልም የሚያከራክረን ነገር አለው ብለን እናምናለን፤ ለዚህም ነው ይህን የምንጽፈው።

አስቀድመን እንናገር፦ ገዳዩ ማን እንደሆነ እዚሁ ጽሑፍ ላይ እንገልጻለን። ከስድሳ ዓመት በላይ የቆየ ምሥጢር የመጠበቅ ግዴታ የለብንም፤ ደግሞም ገዳዩን አውቆ የሚያይ ሰው ከማያውቀው የበለጠ ያያል። ይህን የማይወድ አንባቢ ፊልሙን አይቶ ይመለስ፤ አንቀየምም።

ፊልሙን ያዘጋጀው ቤዚል ዲርደን ነው፤ ፕሮዲውሰሩ ማይክል ሬልፍ፣ ድርሰቱን የጻፈችው ጃኔት ግሪን ናት። ሦስቱ በ1961 «ቪክቲም» የተባለ ሌላ ፊልም አብረው ሠርተዋል፤ ዘዴያቸው በሁለቱም ፊልሞች አንድ ነው። ሕዝቡ ቁጭ ብሎ መስማት የማይፈልገውን ነገር በወንጀል ታሪክ ጠቅልለው ያቀርቡለታል። ስብከት ለመስማት ትኬት የማይገዛ ሰው ነፍሰ ገዳይ ለማወቅ ይገዛል። ዘዴው ሠርቷል፤ «ሳፋየር» የዚያን ዓመት ምርጥ የእንግሊዝ ፊልም ተብሎ የእንግሊዝ የፊልም አካዳሚ ሽልማት አግኝቷል።

ታሪኩ የሚጀምረው ሃምስቴድ ሂዝ በሚባለው የለንደን ሰፊ ሜዳ ላይ የአንዲት ወጣት ሬሳ ሲገኝ ነው። በስለት ተወግታለች። ስሟ ሳፋየር ሮቢንስ ነው፤ በታወቀው የሙዚቃ አካዳሚ ተማሪ ነበረች፤ ነፍሰ ጡር ናት። እጮኛዋ ዴቪድ ሃሪስ የሥነ ሕንፃ ተማሪ ሲሆን ወደ ሮም የሚወስደው የትምህርት ዕድል አግኝቷል። ቤተሰቡ ትልቅ ቤተሰብ አይደለም፤ ልጃቸው ከፍ እንዲል ወገባቸውን አስረው የሚሠሩ ሰዎች ናቸው። ይህን ክፍል ስናይ ወላጆቻችንን አሰብን። ከቤት መጀመሪያ ዩኒቨርሲቲ የገባ ልጅ ምን ያህል ዓይን እንዳረፈበት ለዚህ መጽሔት አንባቢ ማስረዳት አያስፈልግም።

ስሟን ተመልከቱት። ሳፋየር ማለት በኦሪት ዘጸአት ከምናውቃቸው ዕንቁዎች አንዱ፣ ሰንፔር ነው። በካህኑ የደረት ልብስ በሁለተኛው ረድፍ ላይ ይገኛል። በዕብራይስጥ ሳፒር ነው፤ ዛሬ በየክፍላችን ሳፒር የምትባል ልጅ አለች፣ ከእኛም ሆነ ከሌላው። ጃኔት ግሪን ይህን አስባ እንዳልጻፈችው ግልጽ ነው። እኛን ግን ስሟ ገና ከመጀመሪያው ደቂቃ አቀረባት።

መርማሪዎቹ ሱፐርኢንቴንደንት ሃዛርድና ረዳቱ ሊሮይድ ናቸው። የሟቿን ወንድም ከበርሚንግሃም ያስጠራሉ። ሲመጣ ጥቁር ሰው ነው። በሃዛርድ ፊት ላይ የምታልፈው ያቺ አፍታ ከፊልሙ ሁሉ የተዋጣች ናት ብንል ማጋነን አይሆንም። ወንድምዬው ዶክተር ሮቢንስ ግን ለምዶታል፤ እንዲህ ሲታይ የመጀመሪያ ጊዜው እንዳልሆነ ከአኳኋኑ ይታወቃል። አባታቸው ነጭ ሐኪም፣ እናታቸው ጥቁር ዘፋኝ ነበሩ። ከአንድ ማህፀን አንዱ ጥቁር፣ አንዷ ነጭ መስላ ወጡ። ሳፋየር ሰው ነጭ ናት ብሎ እንደሚያያት በተረዳች ጊዜ የድሮ ጓደኞቿን ትታ ወደ ሌላው ወገን ተሻገረች።

ከዚያች ደቂቃ በኋላ ምርመራው ራሱ ይለወጣል። ፖሊሶቹ ከድንጉጥ ቀሚሷ ሥር ያገኙት ቀይ የውስጥ ጉርድ ትናንት ተራ ልብስ ነበር፤ ዛሬ ማስረጃ ይሆናል። ሊሮይድ በዚያ ቀይ ጨርቅ ውስጥ የደሟን ጠባይ ያየ ይመስለዋል። ልጅቷ አንድ ናት፣ ሬሳውም ያው ነው፣ የተጨመረ ነገር ቢኖር የወንድሟ መልክ ብቻ ነው። ከእኛ መካከል በስልክ ተነጋግሮ ቤት ወይም ሥራ ያገኘ፣ በአካል ሲቀርብ ግን «አሁን ተይዟል» የተባለ ሰው ይህን ክፍል ማንም ሳይተረጉምለት ይገባዋል።

እዚህ ላይ አንድ የቋንቋ ነገር ትዝ አለን። እንዲህ ያሉትን የጨለማ፣ የዝናብና የነፍስ ግድያ ፊልሞች ፈረንሳዮች «ፊልም ኗር» ይሏቸዋል፤ ጥቁር ፊልም ማለት ነው። እንግሊዞችም የራሳቸው አላቸው፤ በ1949 የወጣውን «ዘ ሰርድ ማን»ን ብዙ ሰው ያውቀዋል። በእነዚያ ፊልሞች ጥቁር የሚባለው ጥላው ነው፣ የሰው ክፋት ነው፣ ጥቁር ሰው ግን ከስንት አንዴ ነው የሚታይባቸው። ዲርደን በ1951 «ፑል ኦቭ ለንደን» በተባለው ፊልሙ ከቤርሙዳ የመጣውን ኧርል ካሜሮንን አምጥቶ ትልቅ ቦታ ሰጠው። ከስምንት ዓመት በኋላ ዶክተር ሮቢንስ ሆኖ የሚጫወተውም እሱ ነው። ካሜሮን በ2020 በ102 ዓመቱ አረፈ። «ሳፋየር» ደግሞ በዘመኑ ከነበሩት የዚህ ዓይነት ፊልሞች በተለየ ባለቀለም ነው። የለንደን መንገድ ግራጫ፣ የሃሪስ ቤት ግራጫ፣ ጉርዱ ግን ቀይ።

በአማርኛስ? እኛ ሰውን በቀለም ስንጠራ ቀይ፣ ጠይም፣ ጥቁር እንላለን። ወላጆቻችን በጎንደር ወይም በትግራይ ገጠር «ቀይ» ይባሉ የነበሩ ሰዎች ቤን ጉርዮን ሲወርዱ ሁሉም በአንድ ቀን «ጥቁር» ሆኑ። ከዚያ ወዲህ ያለውን ሁሉም ያውቀዋል። የምናወራው ግን ስለ ሌላው ጭምር ነው፤ ወደዚያ እንመለሳለን።

ፊልሙ በወጣበት ጊዜ ለንደን ምን ላይ ነበረች? ከጥቂት ወራት በፊት፣ በነሐሴ መጨረሻና በመስከረም መጀመሪያ 1958፣ በኖቲንግ ሂል ነጭ ወጣቶች ከካሪቢያን የመጡ ሰዎችን ቤት ሲያጠቁ፣ ሰውን በመንገድ ሲያሳድዱ ሰንብተዋል። ዘጠኝ ወጣቶች እያንዳንዳቸው አራት ዓመት ተፈርዶባቸዋል። ፊልሙ በወጣበት በ1959 ዓመት በግንቦት ወር ደግሞ ከአንቲጓ የመጣው አናጢ ኬልሶ ኮክሬን በዚያው ሰፈር በስለት ተወግቶ ሞተ። ለዚያ ግድያ እስከ ዛሬ የተፈረደበት ሰው የለም። የፊልሙ ገዳይ በ92 ደቂቃ ይታወቃል፤ የእውነተኛው ግን እንዲሁ ቀረ።

የቤት አከራይዋን ክፍል አትለፉት። ሳፋየር ተከራይታ የኖረችበት ቤት እመቤት የልጅቷን ዘር ስትሰማ የተናገረችው ባጭሩ፣ ባውቅ ኖሮ አላስገባትም ነበር ነው። አታፍርም። የምታፍርበት ምክንያትም የለም፤ በ1959 እንግሊዝ ውስጥ ይህን የሚከለክል ሕግ አልነበረም። የመጀመሪያው የዘር ግንኙነት ሕግ የወጣው በ1965 ነው፤ ቤትንና ሥራን የጨመረው የ1968ቱ ነው። በ2012 መጀመሪያ በቂርያት መላኪ ለእኛ ሰዎች ቤት ላለመሸጥና ላለማከራየት የተስማሙ ባለቤቶች እንዳሉ በቴሌቪዥን ሲሰማና ሰልፍ ሲወጣ እኛ ገና ልጆች ነበርን። ትልልቆቻችን ሲያወሩ የሰማነው ንዴት አልነበረም፤ «ይህማ ድሮም አለ» የሚል ነበር። ያ «ድሮም አለ» የሚለው አነጋገር ከአከራይዋ ንግግር ይልቅ ያሳስበናል።

ሊሮይድ የተባለው ረዳት መርማሪ ክፉ ሰው ተደርጎ አልተሳለም። ሥራውን ያውቃል፣ ትጉህ ነው፣ እነዚህ ሰዎች ወደ መጡበት ቢመለሱ ችግሩ ያልቃል ብሎም ያምናል። አለቃው ሃዛርድ ይከራከረዋል፤ ሁኔታው ከተመቻቸ በማንም ላይ ሰው ማነሳሳት ይቻላል ይለዋል፤ ከሚዘረዝራቸውም መካከል አይሁዶች አሉ። የለንደን ሲኒማ ውስጥ የተቀመጠው የ1959 ተመልካች፣ ያ ቃል ከተነገረበት ጊዜ አሥራ አራት ዓመት ብቻ ወደ ኋላ ቢያስብ የሚያየውን ያያል። እኛ ደግሞ አይሁድም ጥቁርም ሆነን ያንን ዝርዝር ስንሰማ በየትኛው ቦታ እንደምንቀመጥ አናውቅም። በሁለቱም ነው መሰለን።

ፊልሙን ስናሞግሰው ብቻ ብንውል አይሆንም። ምርመራው ወደ አንድ የጭፈራ ክለብ ይወስዳል። ፖሊሶቹ የሚፈልጉት በተቀደደ ፎቶግራፍ ላይ ከሳፋየር ጋር ሲደንስ የነበረውን ሰው ነው። እዚያ የሚነገረን ምንድን ነው? ነጭ የሚመስሉ ልጆችም ቢሆኑ ከበሮ ሲመታ እግራቸው ያሳብቅባቸዋል፣ ደማቸው ይነሳል የሚል ነው። ካሜራው ወርዶ እግር ያሳየናል። ዘረኝነትን እቃወማለሁ ያለው ፊልም በዚያች ደቂቃ ከሊሮይድ ጋር አንድ ሆነ። ይህ የዘመኑ ነገር ነው ተብሎ የሚታለፍ አይመስለንም፤ ምክንያቱም የዘመኑ ብቻ አይደለም። በሰው ሠርግ፣ በሥራ ቦታ ግብዣ፣ «እስቲ ትከሻችሁን አሳዩን» ያልተባለ ማን አለ? እስክስታ በደም አይወረስም። እናቶቻችን በየሠርጉ፣ በየበዓሉ እያዩና እየተለማመዱ ተማሩት፤ ከእኛ ግማሾቻችን አልተማርነውም፤ ቢመታም እግራችን ዝም ይላል።

በምርመራው ውስጥ ፊድል የሚባለው ወጣት አለ። ፖሊስ ሲፈልገው ይሸሻል፤ ሲሸሽ መንገድ ላይ ነጭ ወጣቶች ያገኙትና ይደበድቡታል። በሳፋየር ሞት እጁ የለበትም። ንጹሕ ከሆነ ለምን ሮጠ የሚለውን ጥያቄ ፊልሙ ለተመልካቹ ይተወዋል፤ ከ2015ና ከ2019 ሰልፎች በኋላ ያደገ የእኛ ልጅ ግን አይጠይቀውም።

ከሁሉ ይልቅ የሚቆጠቁጠው ሰው ግን ፖል ስሌድ ነው። ጠበቃ ነው፣ የጳጳስ ልጅ ነው፣ አለባበሱ፣ አነጋገሩ፣ መኪናው ከማንም አያንስም፣ ጥቁር ነው። ሳፋየርን ያውቃት ነበር። መርማሪው ለማግባት አስበህ ነበር ወይ ሲለው የሚሰጠው መልስ ያስደነግጣል፦ አባቱ አይፈቅዱም ነበር፣ ልጅቷ ግማሽ ነጭ ናትና። ሲኒማው ውስጥ የነበረው እንግሊዛዊ በዚህ ሳይስቅ አልቀረም፤ ፊልሙም እንደ ቀልድ አድርጎ ነው ያቀረበው። እኛ ግን ይህን ክፍል ሁለተኛ ጊዜ ስናየው አልሳቅንም።

እንነጋገር። ወላጆቻችን ከአገር ቤት ካመጧቸው ነገሮች አንዱ የጨዋና የባሪያ ልዩነት ነው። ይህ ቃል ሲጻፍ የሚከፋቸው ሰዎች እንዳሉ እናውቃለን፤ ዝም ማለት ይሻላል የሚሉም አሉ። ነገር ግን በዚህ በእኛ ትውልድ፣ ዲግሪ የያዙ ሁለት ልጆች ተዋደው፣ «የማን ዘር ነው?» ተብሎ ሽማግሌ ሲላክና ሲቀር አይተናል። ሰባት ቤት መቁጠር ሌላ ነገር ነው፤ ዘመዳሞች እንዳይጋቡ የሚጠብቅ ጥሩ ሥርዓት ነው፤ እሱን አንነካም። የምንናገረው ቆጠራው ሲያልቅ ድምፅ ዝቅ ተደርጎ ስለሚጠየቀው ሌላው ጥያቄ ነው። ከውጭ ለሚመጣብን ነገር ሰልፍ ወጥተን ለዚህኛው ዝም ካልን የጳጳሱ ልጅ ከእኛ በምን ይለያል? ቢያንስ እሱ ለፖሊሱ በግልጽ ተናገረ።

አሁን ወደ ገዳይዋ። ሳፋየርን የገደለቻት ሚልድሬድ ናት፣ የዴቪድ እህት። ባሏ መርከበኛ ነው፣ ቤት አይገኝም፤ ልጆቿን ብቻዋን የምታሳድግ፣ የደከማት፣ ያኮረፈች ሴት ናት። ፊልሙ ጭራቅ አላደረጋትም፤ ስለዚህ ያስፈራል። የሆነው ይህ ነው፦ ሳፋየር ወደ እሷ መጥታ፣ ደስ ብሏት እየሳቀች፣ ስለ ሆዷ ልጅ ነገረቻት፤ ለሚልድሬድ ልጆች ዘመድ ሊመጣላቸው ነው። ሚልድሬድ ይህንን አልቻለችውም።

ስለ ሳፋየር ስንከራከር ብዙዎቻችን የያዝነው ሐሳብ «ማንነቷን ስለደበቀች ነው እዚህ የደረሰችው» የሚል ነበር። ፊልሙን በደንብ ካየነው ግን ተቃራኒው ነው። ስትደበቅ ማንም አልነካትም። ትምህርት ነበራት፣ ቤት ነበራት፣ የሚወዳት ሰው ነበራት። የሞተችው መደበቋን በተወች ጊዜ ነው፤ ዴቪድ ዘሯን እያወቀ ሊያገባት ነበር፣ ልጅ ሊወልዱ ነበር፣ እሷም ለእህቱ «አንድ ቤተሰብ ነን» ልትል ነው የሄደችው። ስለዚህ «ለምን ደበቀች?» ብሎ መጠየቅ ከፖሊሶቹ ጋር መቆም ይመስለናል። መጠየቅ ያለበት ስትገልጥ ምን ጠበቃት የሚለው ነው።

ስለ ሚልድሬድ አንድ ነገር ጨምረን እንለፍ። የተጫወተችው ኢቮን ሚቸል ናት። ይህች ተዋናይ አይሁዳዊት ናት፤ ስትወለድ የቤተሰብ ስሟ ጆሴፍ ነበር፣ ዮሴፍ ማለት ነው፤ በኋላ የእናቷን ወገን ስም ወስዳ ሚቸል ሆነች። አንድ አይሁዳዊት በሌላ ስም፣ ሌላ ሰው ሆና ያለፈችን ልጅ የምትጠላ ሴት ሆና ተጫወተች። ስሟን ለምን እንደለወጠች አንገምትም። ግን በዚያ ቤት ውስጥ ስትጮህ የምናየው ያንን ስለምናውቅ ሌላ ሆነ።

እኛም ከስም ጋር ያለን ጉዳይ የታወቀ ነው። በዘመቻ ሙሴና በዘመቻ ሰለሞን የመጡ ልጆች ስማቸው በአንድ ቀን በዕብራይስጥ ተቀየረ፤ እናት የሰጠችው ስም ቤት ውስጥ ቀረ። ያ መደበቅ አይባልም፤ የተጠየቀ የለምና። ዛሬ ግን ራሳችን የምናደርገው አለ። የሥራ ማመልከቻ ላይ የአያት ስም ወደ ዕብራይስጥ የሚለወጥበት፣ ሲቪው ላይ ፎቶ የማይለጠፍበት፣ እናት በአውቶቡስ ስትደውል በዕብራይስጥ ተመልሶ ቶሎ የሚዘጋበት። ሳፋየር ቆዳዋን ትታ ማለፍ ቻለች፤ እኛ የምናልፈው ቃለ መጠይቁ በር ድረስ ብቻ ነው። ስም የቀየሩትን «ከዳተኛ» የሚሉ ጓደኞች አሉን፤ «ብልጥ ናቸው» የሚሉም አሉ። እኛ ከሁለቱም አይደለንም። ስሙን የለወጠው ልጅ በለወጠው ስም ቃለ መጠይቅ ካገኘ፣ የምናውቀው ነገር ስለ ልጁ ሳይሆን ስለዚያ መሥሪያ ቤት ነው።

የአቮዳ ሶፅያሊት ተማሪዎች ሆነን ካየነው ደግሞ ፊልሙ ውስጥ ሁለት ነገሮች አሉ፤ ሰው ሲያነሳቸው አልሰማንም።

አንደኛው ሳፋየር አለመናገሯ ነው። ፊልሙ በስሟ የተሰየመ ቢሆንም እሷ ሬሳና ፎቶግራፍ ናት። ስለ እሷ የሚናገሩት ወንድሟ፣ እጮኛዋ፣ አከራይዋ፣ ጠበቃው፣ የክለቡ ሰው፣ ገዳይዋ ናቸው። እያንዳንዱ የራሱን ሳፋየር ያመጣል፤ ፖሊሱ ይጽፋል። በሁለተኛ ዓመት ሃክሻራ ስንጀምር መጀመሪያ የተሰጠን ነገር ቲክ ነበር። በቲኩ ውስጥ መምህሩ ጽፏል፣ ነርሷ ጽፋለች፣ የቀድሞዋ ሠራተኛ ጽፋለች። እናትየዋ የተናገረችው ግን በአንድ መስመር ነው፤ እሱም በሌላ ሰው ዕብራይስጥ፦ «እናት አትተባበርም»። አማርኛ የምናውቅ ሆነን እናትየዋ ዘንድ ቁጭ ስንል፣ ያልተባበረችው የተጠየቀችው ነገር ስላልገባት፣ ወይም ገብቷት አንገቷን ደፍታ በጨዋ ደንብ ዝም ስላለች ሆኖ እናገኘዋለን። ዝምታ በእኛ ዘንድ አክብሮትም፣ እምቢታም፣ ሐዘንም ነው። በቲክ ውስጥ ግን አንድ ሳጥን ብቻ ነው ያለው።

ሁለተኛው ዶክተር ሮቢንስ ነው። በፊልሙ መጨረሻ ሃዛርድ ይህንን ሰው ወደ ሃሪስ ቤት ይዞት ይሄዳል። እህቱ የሞተችበት፣ ሐዘን ላይ ያለ ሰው ነው። እዚያ ቆሞ የሚልድሬድን ልጆች መጫወቻ ያነሳል፤ ሚልድሬድ ጥቁር እጅ በልጆቿ ዕቃ ላይ ስታይ ትፈነዳለች፣ በዚያው ሁሉን ትናገራለች። ተመልካቹ ተንፈስ ይላል፤ ገዳዩ ተያዘ። እኛ ግን የምናየው ሰውዬውን ነው። ፖሊሱ ማስረጃ አልነበረውም፤ ስለዚህ የአንድ ሰው ጥቁርነት ማስረጃ ማውጫ ሆነ። እህቱን ለምን እንደገደለች ፊት ለፊት ሲነገረው ቆሞ ሰማ። ማንም ይቅርታ አልጠየቀውም።

ይህ ለእኛ ሩቅ አይደለም። ከሥራ ቦታዎች ሁሉ እኛን በጣም የሚፈልጉን ለመጋሼርነት ነው፣ በመሥሪያ ቤቱና በቤተሰቡ መካከል ለሚቆም ሰውነት። ገና በሰባትና በስምንት ዓመታችን በቢቱዋህ ለኡሚ መስኮት፣ በሐኪም ቤት፣ በትምህርት ቤት ስብሰባ ለወላጆቻችን ስናስተረጉም የጀመርነው ሥራ ነው፤ አሁን ደሞዝ አለው። ጠቃሚ ሥራ መሆኑን አንክድም። አንድ ሽማግሌ በቋንቋቸው ሲነገራቸው ፊታቸው ሲፈታ ያየ ሰው አይክድም። ነገር ግን አንዳንድ ጊዜ የምንወሰደው ለማስረዳት አይደለም፤ በሩ እንዲከፈት ብቻ ነው። ልጅ ከቤት ሊወሰድ ሲሆን፣ ውሳኔው ካለቀ በኋላ፣ የእኛ ፊት በር ላይ ይቆማል። እማማ በሩን የከፈቱት ለእኛ ነው፤ የገባው ግን ሌላ ነው። በትምህርታችን ስለ ሥነ ምግባር ብዙ እንማራለን፤ ስለዚህ ግን የተማርነው ትንሽ ነው። የምንጠይቀው ግልጽ ነገር አለ፦ ማንም የእኛ ተማሪ ወይም ሠራተኛ ወደ ቤተሰብ ከመወሰዱ በፊት ምን ሊወሰን እንደሆነ ይነገረው፣ ሐሳቡ ይሰማ፣ እምቢ የማለት መብት ይኑረው። ዶክተር ሮቢንስ ይህ አልነበረውም።

ሃዛርድ መጨረሻ ላይ ምንም እንዳልፈቱ፣ የተሰበረውን ስብርባሪ ብቻ እንደለቀሙ ለሊሮይድ ይነግረዋል። ጥሩ ፖሊስ ነው። ሆኖም ከስብርባሪዎቹ አንዱ እዚያው አጠገቡ ቆሞ ወደ በርሚንግሃም ሊመለስ ነው፣ እህቱን ቀብሮ።

እንግዲህ የፊልም ምሽቱን በሚመለከት። ፊልሙ የአማርኛ ጽሑፍ የለውም፤ ስለዚህ ሁለት ሰዎች በየመካከሉ እያቆሙ ለወላጆች እንዲያስረዱ እንፈልጋለን፣ ፈቃደኛ የሆነ ይንገረን። ወላጆች እንዲመጡ የምንፈልገው ከልባችን ነው፤ የፖል ስሌድን ክፍል ከእነሱ ጋር ካላየነው ጥቅሙ ግማሽ ነው። ከፊልሙ በኋላ ውይይቱ በአማርኛ ይጀመር፤ ዕብራይስጥ የሚቀለው በኋላ ይቀጥል። መጀመሪያ የምናነሳው ጥያቄም ተመርጧል፦ ዶክተር ሮቢንስ ወደዚያ ቤት መግባት ነበረበት ወይ? በእኛ መካከል እስካሁን ሦስት ሰዎች «አዎ» ብለዋል፣ አራት ሰዎች «የለበትም» ብለዋል፣ አንዷ ደግሞ «መጀመሪያ ቡና ይፈላለት ነበር» ብላለች።